ጠርሙሱ ሳይነቃ

(የመግቢያ ሙዚቃ፤ ቀስ እያለ ይጠፋል)

የዛሬው ዝግጅታችን ስለ ቀዳዳ ነው፤ መስታወት ላይ ስለሚወጣ ቀዳዳ። ባዶ የወይን ጠርሙስ የራስጌ መብራት ላድርገው ያለ፣ የመታጠቢያ ቤት መስታወቱን በብሎን ግድግዳ ላይ ማሰር የፈለገ፣ ባዶ የማር ብርጭቆ ውስጥ አበባ ተክሎ ውሃው መውጫ ያጣበት፣ እንዲህ ያለ ሥራ ያሰበ ሁሉ ድሪሉን ከማንሣቱ በፊት ለጥቂት ደቂቃ ጆሮውን ቢሰጠን ይጠቀማል።

ብዙ ቤት ድሪል አለ፤ የሌለው ከጎረቤት ይዋሳል። እንጨትና ግድግዳ የለመደ እጅ መስታወትም የሚያቅተው አይመስለውም። ነገሩ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። እንጨት ስንበሳ የድሪሉ መብሻ፣ የፑንታው ስለት ይቆርጣል፤ ሰጋቱራው ይወጣል። ብረትም ጠንካራ ይሁን እንጂ እሺ ይላል፤ እየተጠማዘዘ ይላጣል። መስታወት ግን አይላጥም። ስለት ሲያርፍበት ወይ ምንም አይሆንም፣ ወይ ይሰነጠቃል፤ መሐል የለውም። ስለዚህ መስታወት የሚበሳው በመቁረጥ ሳይሆን በመፍጨት ነው። ከራሱ የጠነከረ ነገር ይዘን፣ ወፍጮ እህልን እንደሚያደቅቀው፣ ላዩን ዱቄት እያደረግን ነው ወደ ውስጥ የምንዘልቀው። ዛሬ የምናነሣው ሁሉ፣ የፑንታው ዓይነትም፣ ውሃውም፣ የእጃችን ቅለትም፣ ከዚህ የሚመነጭ ነው።

መስታወት ለምን እንዲህ ግትር ሆነ? የመስኮትም የጠርሙስም መስታወት ከመቶ 70 እጅ በላይ ሲሊካ ነው፤ ሲሊካ የአሸዋ ዋና አካል ነው። ሶዳና የኖራ ድንጋይ ይጨመርበትና በ1500 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ይቀልጣል። ሲቀዘቅዝ ግን ቅንጣቶቹ እንደ ብረት ቅንጣቶች በረድፍ አይሰለፉም፤ እንደተዘበራረቁ ይደርቃሉ። ብረት ሲጫኑት ረድፎቹ እርስ በርስ ይንሸራተታሉ፤ ይጎብጣል እንጂ አይሰበርም። መስታወት የሚንሸራተት ረድፍ የለውም። ከላይና ከታች ሲጨቁኑት የሚገርም ጽናት አለው፤ ሲያጎብጡት ወይም ሲስቡት ግን ወዲያው እጅ ይሰጣል።

አላን አርኖልድ ግሪፊዝ የሚባል እንግሊዛዊ መሐንዲስ እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ መጀመሪያ አንድ ጥያቄ አንሥቶ ነበር። የመስታወት ቅንጣቶች እርስ በርስ የተያያዙበት ኃይል ሲሰላ መስታወት እጅግ ጠንካራ መሆን ነበረበት፤ በተግባር ግን በቀላሉ ይሰበራል። ለምን? ግሪፊዝ ከመስታወት ቀጫጭን ክሮች እየሳበ ፈተናቸው። አዲስ የተሳቡት ክሮች እንደ ወፍራም የመስታወት ዘንግ በቀላሉ የሚሰበሩ አልነበሩም፤ እጅግ ጠንካሮች ነበሩ። ልዩነቱ ያለው መስታወት ላይ በሚገኙት፣ ዓይን በማያያቸው ጭረቶች ነው። መስታወቱን ስንገፋው ጉልበቱ በእኩል አይከፋፈልም፤ እያንዳንዱ ጭረት ጫፍ ላይ ይከማቻል። እዚያ ሲበዛ ጭረቱ ይከፈታል፤ ከተከፈተ በኋላ የሚያቆመው የለም። ብርሌ ከነቃ አይሆንም ዕቃ የሚሉት አባቶቻችን ይህን ያለ ስሌት ያውቁታል። ለእኛ ሥራ ትርጉሙ ይህ ነው፤ ቀዳዳችን ጫፍ ላይ የምትቀር እያንዳንዷ ሽርፍራፊ ነገ ለሚመጣ ስንጥቅ በር ናት።

ሌላው አደጋ ሙቀት ነው። ፑንታው ሲፋተግ ይግላል። መስታወት ሙቀትን ቶሎ አያዳርስም፤ ስለዚህ በቀዳዳው ዙሪያ ያለው ክፍል ግሎ ሲያብጥ ሌላው ቀዝቃዛ እንደሆነ ይቆያል። ያበጠው ያላበጠውን ይገፋል። የፈላ ሻይ በቀዝቃዛ ወፍራም ብርጭቆ ሲቀዳ ቷ ብሎ የሚሰነጠቀው በዚሁ ምክንያት ነው። በአንድ ተራ መስታወት ሁለት ቦታዎች መካከል የ40 ዲግሪ ያህል የሙቀት ልዩነት ከተፈጠረ መሰንጠቅ ይቻላል፤ ደረቅ ፑንታ ደግሞ ይህን ያህል ለማጋል ብዙ ጊዜ አይፈጅበትም።

(አጭር ሙዚቃ)

ከዛሬው ዝግጅት አንድ ነገር ብቻ የምትይዙ ከሆነ ይህን ያዙ፤ ቴምፐርድ መስታወት አይበሳም። በጥሩ ፑንታ አይበሳም፣ በውሃ አይበሳም፣ በትዕግሥትም አይበሳም።

ምክንያቱ አሠራሩ ውስጥ ነው። ተራው መስታወት በልኩ ከተቆረጠ በኋላ ምድጃ ገብቶ ከ600 ዲግሪ በላይ ይሞቃል። ወዲያው ከሁለቱም ጎን ቀዝቃዛ አየር በኃይል ይነፋበታል። ላዩ ቀድሞ ይደርቃል። ውስጡ ቀስ ብሎ ሲቀዘቅዝ መኮማተር ይፈልጋል፤ ላዩ ግን ደርቋልና አይከተለውም። በዚህ ምክንያት ውስጡ ላዩን ወደ ራሱ እንደሳበው፣ ላዩም እንደተጨቆነ ይኖራሉ። መስታወት መጨቆንን እንደሚችል ቀደም ብለን አይተናል። በዚህ የተነሣ ቴምፐርድ መስታወት ተመሳሳይ ውፍረት ካለው ተራ መስታወት አራት አምስት እጥፍ ይጠነክራል። ነገር ግን ያ ሁሉ ጉልበት ውስጡ ታምቆ የተቀመጠ ነው። ፑንታ የተጨቆነውን ሽፋን አልፎ የተወጠረው ውስጡ ጋ ሲደርስ ሚዛኑ ይፈርሳል፤ መስታወቱ በአንድ ቦታ አይሰነጠቅም፣ ከዳር እስከ ዳር ባንዴ ወደ ሺህ ትንንሽ ቁርጥራጭ ይፈነዳል።

እዚህ ላይ ትንሽ ወጣ ልበል። ይህ ነገር በአውሮፓ ነገሥታት ቤት የመዝናኛ ጨዋታ የነበረበት ዘመን አለ። የቀለጠ መስታወት ውሃ ውስጥ ሲንጠባጠብ ወፍራም ራስና ቀጭን ጅራት ያለው ጠብታ ይሆናል። ራሱን በመዶሻ ቢመቱት አይሰበርም። ጅራቱን በጣት ቀንጠብ ሲያደርጉት ግን ጠቅላላው ዱቄት ይሆናል። ልዑል ሩፐርት የሚባለው መስፍን እ.ኤ.አ. በ1660 አካባቢ እነዚህን ጠብታዎች ወደ እንግሊዝ አምጥቶ ለንጉሥ ቻርልስ ዳግማዊ ስላሳየ እስከ ዛሬ በስሙ ይጠራሉ። የሻወር በር ላይ ድሪል የሚያሳርፍ ሰው ያንን ጅራት እየቀነጠበ ነው።

ታዲያ ቴምፐርድ መስታወት የት ይገኛል? የመኪና የጎንና የኋላ መስኮት፣ የሻወር በር፣ ፍሬም የሌለው የሱቅ በር፣ የምድጃ በር፣ የፍሪጅ መደርደሪያ፣ ብዙዎቹ የሳሎን የመስታወት ጠረጴዛዎች፣ የስልክ ስክሪን መከላከያ። አንዳንድ የመጠጫ ብርጭቆዎችና ምድጃ የሚገቡ ትሪዎችም በዚሁ መንገድ የጠነከሩ ስለሆኑ አትንኳቸው። የመኪና የፊት መስታወት ሌላ ነው፤ ሁለት መስታወት በመሐላቸው ፕላስቲክ ተደርጎ የተጣበቀ ስለሆነ ሲሰበር አይበተንም፤ እሱም ቢሆን የቤት ሥራ አይደለም።

ለመለየት መጀመሪያ አራቱን ማዕዘን እዩ፤ ብዙውን ጊዜ አንዱ ላይ ደብዘዝ ያለች የፋብሪካ ምልክት ታትማለች። ፖላራይዝድ የፀሐይ መነጽር ያለው ሰው ደግሞ መነጽሩን አድርጎ መስታወቱን በቀን ብርሃን በሰያፍ ይየው፤ ጠቆር ያሉ ነጠብጣቦች ወይም መስመሮች ከታዩት ቴምፐርድ ነው። ምልክት አለመኖሩ ግን ማረጋገጫ አይሆንም። ከተጠራጠራችሁ ተዉት። ቀዳዳ ያለው ቴምፐርድ መስታወት የግድ ካስፈለጋችሁ የመስታወት ሥራ ቤት ስታዙ የቀዳዳውን ቦታና ስፋት አስቀድማችሁ ንገሯቸው፤ መጀመሪያ ይቆረጣል፣ ይበሳል፣ ከዚያ ነው ምድጃ የሚገባው። ከምድጃ ከወጣ በኋላ እነሱም ሊበሱት አይችሉም።

የወይን ጠርሙስ፣ የማር ብርጭቆ፣ የፎቶ ፍሬም መስታወት፣ ተራ የግድግዳ መስታወት፣ እነዚህ በአብዛኛው ተራ መስታወቶች ናቸው፤ በእነሱ ላይ መሥራት ይቻላል።

ይቻላል ማለት ግን የግድ ነው ማለት አይደለም። በእኔ ግምት ሰው ለመብሳት ከሚያስባቸው መስታወቶች ብዙዎቹ መበሳት አያስፈልጋቸውም። የዲሽ ገመድ ለማስገባት የመስኮት መስታወት መብሳት ለምን? ፍሬሙ ወይም ግድግዳው ይበሳል፤ የቆመ መስታወት ላይ ውሃ ስለማይረጋ ማቀዝቀዝም ያስቸግራል፣ መስታወቱ ቢወድቅ ደግሞ ታች ሰው አለ። የግድግዳ መስታወትም በአራት መያዣ ቆንጥጦ ወይም በሲሊኮን አጣብቆ መስቀል ይቻላል። ሲሊኮን ስትገዙ ግን ኮምጣጤ ኮምጣጤ የሚሸተውን አትውሰዱ፤ አሲዱ ከጀርባ ያለውን የብር ቅብ ይበላዋል፤ ከጊዜ በኋላ መስታወቱ ፊት ላይ ጥቁር ነጠብጣብ ሆኖ ይወጣል። ለመስታወት የሚሆን ብላችሁ ጠይቁ።

(አጭር ሙዚቃ)

የግድ መብሳት ያለበትን እንውሰድ፤ የወይን ጠርሙሱን። ገመድ የሚገባበት አንድ ቀዳዳ ከታች በኩል እንፈልጋለን።

መጀመሪያ ፑንታ። ለብረት የሚሆነው ፑንታ መስታወት ላይ ይንሸራተታል፣ ይግላል፣ ይደንዛል፤ አይሆንም። የግድግዳው ፑንታም ጫፉ ላይ ጠንካራ ብረት ቢኖረውም የተሠራው እየደበደበ ለመግባት ነው፤ እሱም አይሆንም። ለመስታወት የሚሸጡት ሁለት ዓይነት ናቸው። አንዱ ጫፉ የጦር ቅርጽ ያለው ነው፤ ከተንግስተን ካርባይድ የተሠራ ነው፤ ዋጋው ረከስ ይላል፤ ለትንንሽ ቀዳዳ ጥሩ ነው። ሁለተኛው ውስጡ ባዶ የሆነ ቱቦ ሲሆን አፉ ዙሪያውን በደቃቅ አልማዝ ተለብጧል። ቱቦው መሐሉን ሳይነካ ቀለበት ብቻ እየፈጨ ይገባል፤ መጨረሻ ላይ ድቡልቡል መስታወት ነቅሎ ይወጣል። ምርጫው ካለ አልማዙን ግዙ። ሐሳቡ አዲስ አይደለም፤ የጥንት ግብፃውያን ድንጋይ ቆራጮች ግራናይት ይበሱ የነበረው በመዳብ ቱቦና በአሸዋ ነበር። መዳብ ከግራናይት የለሰለሰ ነው፤ የሚፈጨው አሸዋው ነው፣ ቱቦው አሸዋውን የሚያዞር ብቻ ነው። የዛሬው ፑንታ አሸዋውን በአልማዝ ተክቶ ቱቦው ላይ አጣበቀው እንጂ ነገሩ ያው ነው።

ድሪሉ ላይ የመዶሻ ምልክት ያለበት ማብሪያ ካለ ወደ ተራው መሽከርከሪያ ምልክት መልሱት። ይህን መርሳት ማለት ጠርሙሱን በመዶሻ መምታት ማለት ነው። ሁለት ማርሽ ካለው ቁጥር 1 ላይ አድርጉት። ቀዳዳው በሰፋ ቁጥር ፍጥነቱ መቀነስ አለበት፤ የሰፊ ፑንታ ዳር በአንድ ዙር ረጅም መንገድ ስለሚሄድ ቶሎ ይግላል።

አሁን ስለ ኤሌክትሪክ። ሥራው ውሃ ይፈልጋል፤ ቤታችን ያለው ደግሞ 220 ቮልት ነው። ሁለቱን ማገናኘት አያስፈልግም። በባትሪ የሚሠራ ድሪል ካገኛችሁ ነገሩ አለቀ፤ ብትዋሱም እሱን ተዋሱ። በሶኬት የሚሠራ ብቻ ካላችሁ ውሃው ጠብ ጠብ የሚል እንጂ የሚፈስስ አይሁን፤ ድሪሉ ሁልጊዜ አፉን ወደ ታች ይያዝ፤ ገመዱ ከኋላችሁ በትከሻ በኩል ይምጣ እንጂ በውሃው ላይ አይለፍ። የገመድ ማራዘሚያው መጋጠሚያ መሬት ላይ አይቀመጥ። ፑንታ ስትቀይሩ ሶኬቱን ንቀሉ። እጅ እርጥብ ከሆነ ማብሪያውን አትንኩ። እርጥብ ወለል ላይ ቆሞ፣ በነጠላ ጫማ መሥራትማ አይታሰብም።

ዓይናችሁን ሙሉ በሙሉ የሚሸፍን መከላከያ መነጽር አድርጉ፤ የማንበቢያ መነጽር ጎኑ ክፍት ስለሆነ አይተካውም። ነጠላ፣ ሻርፕ፣ ሰፊ እጅጌ፣ የተለቀቀ ጸጉር ከሚሽከረከር ነገር አጠገብ አይቅረቡ። ጓንትን በተመለከተ ብዙ ሰው የሚሳሳተው አለ፤ ፑንታው እየዞረ የጨርቅ ጓንት አይደረግም፤ ክሩን ይዞ እጅን ይጠመዝዛል። ጓንት የሚደረገው ስብርባሪ ስንለቅም ነው። ልጆች ከክፍሉ ይውጡ።

ጠርሙሱ ባዶ፣ የታጠበና ክዳኑ የተከፈተ ይሁን። ነጭ ጋዝ ወይም ሌላ ተቀጣጣይ ነገር የነበረበትን አትጠቀሙ። ሳፋ ውስጥ እርጥብ አሸዋ አድርጉና ጠርሙሱን በጎኑ አስተኙት፤ ግማሹ አሸዋው ውስጥ ሲሰምጥ ወዲያ ወዲህ አይልም፤ ክብደቱም በእኩል ያርፋል። አሸዋ ከሌለ እርጥብ ፎጣ ተጣጥፎ ይሆናል። እግራችሁ መሐል ወይም ጭናችሁ ላይ ይዛችሁ እንዳትሠሩ።

ቀዳዳውን ከጠርሙሱ ወለል ሁለት ሦስት ጣት ከፍ አድርጉት። እዚያው ወለሉ ጥግ ላይ መስታወቱ ይወፍራል፤ ውፍረቱም ወጣ ገባ ነው። ቦታው ላይ ቀለም ቀቢዎች የሚጠቀሙበትን የወረቀት ፕላስተር ሁለት ድርብ ለጥፉና በእርሳስ ምልክት አድርጉ። ፕላስተሩ ፑንታው እንዳይንሸራተት ይይዘዋል፤ ጫፉም እንዳይሸራረፍ ትንሽ ይረዳል። በዙሪያው ጠንከር ብሎ ከታሸ ሊጥ ወይም ከመስኮት ስቱኮ ቀለበት ሠርታችሁ ለጥፉ፤ ውሃው እዚያ ይጠራቀማል። ረዳት ካለ የሃይላንድ ክዳን በሚስማር በስቶ ውሃውን ጠብ ጠብ ያድርግላችሁ።

አሁን ድሪሉን እንያዝ። ፑንታውን ቀጥ አድርጋችሁ አትጀምሩ። የአልማዝ ቱቦ ቀጥ ብሎ ጠርሙስ ላይ ካረፈ ይሾልካል፣ ጠርሙሱን ጭረት በጭረት አድርጎ ይሄዳል። 45 ዲግሪ ያህል አዘንብላችሁ በዝግታ አሳርፉት፤ በአንድ ጎን ግማሽ ጨረቃ የመሰለ ቦይ ይቆፍራል። ቦዩ ሲይዝለት እየዞረ ቀስ በቀስ ድሪሉን ቀጥ አድርጉት። ቀለበቱ ሙሉ ከሆነ በኋላ ወዴትም አይሄድም። የጦር ቅርጹን የምትጠቀሙ ግን ገና ከመጀመሪያው ቀጥ አድርጋችሁ፣ በጣም በዝግታ ጀምሩ።

ከዚህ በኋላ ጆሯችሁን ስጡት፤ ሬዲዮ ለዚህ ይመቻል።

(ለስለስ ያለ፣ የማይቆራረጥ የመፋጨት ድምፅ)

ይህ ጤነኛ ድምፅ ነው። ቀለበቱ ውስጥ ያለው ውሃም ወተት ይመስላል፤ መስታወቱ ዱቄት እየሆነ በውሃው እየወጣ ነው።

(ስለታም የጩኸት ድምፅ)

ይህኛው ደግሞ ውሃ አልደረሰበትም ወይም እጃችሁ ከብዷል። አቁሙ፤ ፑንታውን አንሡ፤ ውሃ ጨምሩ። ነጭ ደረቅ ዱቄት ካያችሁም እንደዚሁ። በየጥቂት ሰኮንዱ ፑንታውን ብድግ እያደረጋችሁ መልሱት፤ ስታነሡት ጭቃው ይወጣል፣ ቀዝቃዛ ውሃ ይገባል።

ምን ያህል ልጫን ለሚለው፣ የድሪሉ የራሱ ክብደት ይበቃል። ደረታችሁን ወይም ትከሻችሁን አታስገቡበት። አንድ ትንሽ ቀዳዳ ሦስት አራት ደቂቃ ወይም ከዚያ በላይ ቢወስድ ምንም አይደለም። ሰው የሚቸኩለው ምንም ለውጥ የሌለ ሲመስለው ነው፤ አልማዙ ግን ሳይታይ ይሠራል። መጨረሻው ላይ ደግሞ ይበልጥ አቅሉ። መስታወቱ ብዙውን ጊዜ የሚሰበረው ሲጀመር ሳይሆን ፑንታው ሊያልፍ ሲል ነው፤ የቀረችው ስስ ንጣፍ የእጃችሁን ግፊት መሸከም አቅቷት ባንዴ ትገነጠላለች፣ ከውስጥ በኩል ትልቅ ሽርፍራፊ ይዛ ትሄዳለች። ድምፁ ሳሳ ሲል፣ ጥልቅ ጥልቅ ማለት ሲጀምር፣ ድሪሉን ከመጫን ይልቅ መሸከም ጀምሩ።

በመሐል የፀጉር ያህል ስንጥቅ ከታየ እዚያው አቁሙ። እንደምንም ልጨርሰው አይባልም፤ ጠርሙስ ርካሽ ነው፣ ሌላ ይፈለጋል።

ጠፍጣፋ መስታወት ላይ ነገሩ ይቀላል። ከታች ሙሉ በሙሉ የሚደግፍ ጠፍጣፋ እንጨት ይደረግ፤ መስታወቱ በከፊል አየር ላይ ከሆነ ይጎብጣል። ቀዳዳው ከዳር ቢያንስ የውፍረቱን እጥፍ ይራቅ፤ ቤት ውስጥ ለሚሠራ ሰው ሦስት ሴንቲሜትር ብል እመርጣለሁ፤ ከማዕዘን ደግሞ ከዚያም በላይ። የቀዳዳው ስፋት ከመስታወቱ ውፍረት ባያንስ ይመረጣል። ከተቻለ እስከ ግማሽ ድረስ ከአንድ ጎን በስታችሁ ገልብጡትና ከሌላው ጎን ጨርሱ፤ መሐል ላይ ሲገናኙ ሁለቱም ፊት ንጹሕ ይሆናል። መልክ ማያ መስታወት ከሆነ ከጀርባው፣ ከቅቡ በኩል ጀምሩ፤ ፑንታው ሲወጣ ቅቡን ይዞ እንዳይገሸልጠው። ብሎን ስታስገቡ ብሎኑ መስታወቱን አይንካ፤ ቀዳዳው ሰፋ ብሎ የፕላስቲክ ቱቦ ይግባበት፤ ከፊትና ከኋላ የጎማ ሮንዴላ ይደረግ። ጉልበታችሁ እስከሚችለው ሳይሆን እስኪይዝ ድረስ ብቻ አጥብቁ።

ቀዳዳው ከወጣ በኋላ የሚረሳው ሥራ ጫፉን ማለስለስ ነው። ጥቁሩን የውሃ ብርጭቆ ወረቀት በእርሳስ ላይ ጠቅልላችሁ፣ ውሃ እያስነካችሁ፣ የቀዳዳውን ከንፈር ዙሩት። ግሪፊዝ ያያቸው ጭረቶች የሚበዙት እዚያ ነው፤ በዚያ ላይ ስለታም ጫፍ የመብራት ገመድ ሽፋን ይበጣል። ከለሰለሰም በኋላ ገመዱ በጎማ ቀለበት ውስጥ ይለፍ። ጠርሙስ ውስጥ አየር ስለማይዘዋወር ዱሮ የምናውቀውን የሚግለውን አምፖል አታስገቡ፤ ኤልኢዲ ይሁን።

እጅ ቢቆረጥ ንጹሕ ጨርቅ አድርጋችሁ ጫን ብላችሁ ያዙ፤ እጁን ከፍ አድርጉ። ቁራሹ ሥጋ ውስጥ ከተሰካ ግን አትንቀሉት፤ ደሙን አግዶት ሊሆን ይችላል፤ ዙሪያውን በጨርቅ ደግፋችሁ ወደ ጤና ጣቢያ ሂዱ። ዓይን ውስጥ የገባ ቅንጣት አይታሽም። በብዙ ንጹሕ ውሃ ይታጠባል፤ ካልወጣ ወይም የተሰካ ከመሰለ ዓይኑን ሳይጫኑ ሸፍኖ ወደ ሐኪም ነው።

የቀረው ጽዳት ነው። ወተት የመሰለውን ውሃ ማጠቢያ ገንዳ ውስጥ አትድፉት፤ የመስታወት ዱቄት ረግቶ ቱቦውን ይደፍናል። ባልዲ ውስጥ ይደር፤ ላይ ላዩን ውሃ ከደፋችሁ በኋላ ጭቃውን በጋዜጣ ጠቅልሉት። ወለሉን በደረቅ መጥረጊያ ከመጥረግ በፊት በእርጥብ ጋዜጣ አንሡት፤ ደቃቁን የሚይዘው እሱ ነው። መብራቱን አጥፍታችሁ የእጅ ባትሪ ወለሉ ላይ አጋድማችሁ ብታበሩ የቀረው ቁራሽ ያብለጨልጫል። ለሥራው የተጠቀማችሁበት ጨርቅና ፎጣ ከሌላ ልብስ ጋር አይታጠብ። ያልተሳካውን ጠርሙስና ስብርባሪውን በስስ ፌስታል አትጣሉት፤ ቆሻሻ ሰብሳቢዎቹ ከረጢቱን በክንዳቸው አቅፈው ነው የሚሸከሙት። ወፍራም ካርቶን ውስጥ አድርጉ፣ በፕላስተር እሰሩ፣ ላዩ ላይ ስብርባሪ መስታወት ብላችሁ በጉልህ ጻፉ፤ ስትሰጧቸውም በአፍ ንገሯቸው።



(የመዝጊያ ሙዚቃ)